«ቆይ፣ ልጨርሰው!» ለሚል ልጅ የሚሆን ጌም

ሰሞኑን በሰፈራችን በልደታ ሦስት አያቶች በየፊናቸው አንድ ዓይነት ጥያቄ ጠየቁኝ። «ሲስተር፣ ልጄ ከውጭ አገር ለልጅ ልጄ ጌም ልካለች። ልስጠው ወይስ ቁም ሣጥን ውስጥ ልደብቀው?» ዕቃው መዳፍ የሚያክል ነው። በግራ በኩል የመስቀል ቅርጽ ያለው ቁልፍ፣ በቀኝ በኩል አራት ክብ ቁልፎች፣ መሐሉ ላይ ትንሽ ስክሪን አለው። ውስጡ በሺህ የሚቆጠሩ የድሮ ጌሞች ተጭነውበታል።

ለሦስቱም የሰጠሁት መልስ አንድ ነው። ስጡት፤ ግን ልጁ እጅ ከመግባቱ በፊት እናንተ አዘጋጁት። እኔ ከልጄ ጋር ሆኜ ለአሥር ዓመቱ የልጅ ልጄ አንዱን አዘጋጅቼ አይቼዋለሁ። ሥራው የአንድ ከሰዓት በኋላ ነው፤ ላፕቶፕ የሚችል አንድ ሰው ቤት ውስጥ ካለ ደግሞ ምንም አይከብድም።

ዕቃው ምንድን ነው?

ውስጡ «ኢሙሌተር» የሚባል ፕሮግራም አለ። ሥራው የድሮ የጌም ማሽኖችን ማስመሰል ነው። እ.ኤ.አ. በ1983 በጃፓን የወጣውን የኒንቴንዶን ፋሚሊ ኮምፒውተር፣ በ1989 የወጣውን ጌም ቦይ፣ በ1994 የወጣውን የመጀመሪያውን ፕሌይስቴሽን መስሎ ለእነሱ የተሠሩትን ጌሞች ያጫውታል። ድሮ በካሴት ይሰካ የነበረው ጌም ዛሬ ፋይል ሆኖ ጥፍር በምታክል ሜሞሪ ካርድ ላይ ተቀምጧል።

ዛሬ ሠላሳና አርባ ዓመት የሆናቸው ልጆቻችን ይህን ከእኛ በላይ ያውቁታል። በባትሪ ድንጋይ በሚሠራ ጌም ቴትሪስ ሲደረድሩ ያደጉ ናቸው። ዳቦ ግዙ ብለን ልከናቸው ከፕሌይስቴሽን ቤት ጎትተን ያወጣናቸውም እነሱ ናቸው። ያኔ ጌም ቤት ማለት ለእኛ የትምህርት ጠላት ነበር። አሁን ግን የልጅ ልጆቻችን በእጃቸው የያዙት ሌላ ነው፤ ስልክ ነው።

ልዩነቱ እዚህ ላይ ነው። የስልኩ ጌም የተሠራው እንዳያልቅ ተደርጎ ነው። አንዱ ሲያበቃ ሌላው ይከፈታል፤ ማስታወቂያ ይገባል፤ «ነገ ካልመጣህ ሽልማትህ ይጠፋል» ይላል፤ ገንዘብ ይጠይቃል። ከጌሙ ጀርባ ደግሞ ኢንተርኔቱ አለ፤ ቪዲዮው፣ የማያውቁት ሰው መልእክት፣ ውርርዱ። የድሮው ጌም ይህ ሁሉ የለበትም። መጀመሪያ አለው፣ ደረጃ አለው፣ መጨረሻ አለው። ከልጁ ሌላ ምንም አይጠይቅም። ከሁሉም በላይ ደግሞ ኢሙሌተሩ በፈለጉት ሰዓት መሐል ላይ ሊያቆመው ይችላል። ለእኔ ትልቁ ቁም ነገር ይህ ነው፤ ወደ ኋላ እመለስበታለሁ።

መጀመሪያ ካርዱን አስተማምኑ

በርካሽነታቸው ከታወቁት አንዱ አር36ኤስ የሚባለው ነው። ሁለት የካርድ ማስገቢያ አለው። አንዱ ካርድ ማሽኑ የሚነሳበትን ፕሮግራም ይይዛል፤ ሁለተኛው ጌሞቹን ይይዛል። አንዳንድ ዕቃ ላይ ሁለቱም በአንድ ካርድ ይመጣሉ። አብረው የሚመጡት ካርዶች ብዙ ጊዜ ስም የሌላቸው ርካሽ ናቸውና ቶሎ ይበላሻሉ። ስለዚህ ልጁ መጫወት ሳይጀምር ሙሉውን ወደ ላፕቶፕ ገልብጡና ከታመነ ሱቅ በተገዛ ደህና ካርድ ላይ መልሱት። ፕሮግራሙ ያለበት ካርድ እንደ ተራ ፋይል ተጎትቶ አይገለበጥም፤ ካርዱን እንዳለ የሚቀዳ ፕሮግራም ይፈልጋል። ይህን ለኮምፒውተር አዋቂ ጎረቤት ተዉለት።

አንድ ማስጠንቀቂያ ልብ በሉ። ያንን ካርድ ላፕቶፕ ላይ ስትሰኩ «ፎርማት ላድርገው?» የሚል ጥያቄ ሊመጣ ይችላል። እሺ አትበሉ! ዊንዶውስ የካርዱን አሠራር ስለማያውቀው ነው እንጂ ካርዱ ተበላሽቶ አይደለም። እሺ ካላችሁ ሁሉም ይጠፋል።

ማሽኑ በርቶ እያለም ካርድ አይነቀልም። መጀመሪያ ከሜኑው ውስጥ ይዘጋል፣ ከዚያ ይነቀላል። ካርዷ ትንሽ ስለሆነች ቤት ውስጥ ሕፃን ካለ እንደ አዝራር ወደ አፉ ሊከታት ይችላልና ያለ ቦታዋ አትተዋት።

ከሺህ አሥር

በሺህ የሚቆጠር ጌም ለልጅ ጥቅም የለውም። ከአንዱ ወደ አንዱ እየዘለለ አንዱንም ሳይለምድ ይውላል። ከዚህ የባሰው ደግሞ ዝርዝሩ ውስጥ የማይሆኑ መኖራቸው ነው። ሞርታል ኮምባት የተባለው ደም የሚፈስበት የድብድብ ጌም በአሜሪካ ሴኔት እ.ኤ.አ. በ1993 መነጋገሪያ ሆኖ በማግሥቱ ዓመት ጌሞችን በዕድሜ የሚመድብ ቦርድ እስከማቋቋም አድርሷል። ካርዱ ላይ ግን ከማሪዮ ጎን ተቀምጦ ልታገኙት ትችላላችሁ።

ስለዚህ አሥር ያህል መርጣችሁ የቀረውን ከካርዱ አንሱ። ለትንንሾቹ ቴትሪስና ፓክማን ይበቃሉ፤ ማንበብ አይጠይቁም። ከፍ ላሉት ሱፐር ማሪዮ፣ የመኪና ውድድርና የእግር ኳስ ጨምሩ። ጌሞቹ በየማሽናቸው ስም በፎልደር ተደርድረዋል፤ ፋይሉን ከቦታው ማንሳት ብቻ ነው።

ብዙዎቹ ማሽኖች የሚጠቀሙበት ኢሙሌሽንስቴሽን የተባለው ሜኑ ደግሞ የልጆች ሁኔታ አለው። ለልጅ ይሆናል ብላችሁ ምልክት ያደረጋችሁባቸውን ጌሞች ብቻ ያሳያል፤ ሴቲንጉንም ይደብቃል። ወደ ሙሉው ለመመለስ በቁልፎቹ የሚመታ ምስጢር አለው፦ ሁለት ጊዜ ላይ፣ ሁለት ጊዜ ታች፣ ግራ፣ ቀኝ፣ ግራ፣ ቀኝ፣ ከዚያ ቢ እና ኤ። ይህን ለልጁ አትንገሩ። ለአያቶች ግን ወረቀት ላይ ጽፎ ማስቀመጥ ይበጃል።

ስለ ባለቤትነትም አንድ ነገር ልበል። ኢሙሌተር መጠቀም በራሱ ጥፋት አይደለም። በካርዱ ላይ ተጭነው የሚመጡት ጌሞች ግን አብዛኞቹ ያለ ባለቤቶቹ ፈቃድ የተቀዱ ናቸው። በአገራችንም የቅጂና ተዛማጅ መብቶች ጥበቃ አዋጅ ቁጥር 410/1996 የኮምፒውተር ፕሮግራምን ይጠብቃል። ሠሪዎቻቸው ራሳቸው በነፃ የለቀቋቸው ጌሞች አሉ፤ ለጌም ቦይ የተሠራው ቶቡ ቶቡ ገርል አንዱ ነው። ቢያንስ ልጁ የሚጫወተውን ነገር ሰው እንደሠራውና የሥራ ዋጋ እንዳለው ይወቅ።

የማቆሚያው ነገር

አሁን ወደ ዋናው ልመለስ። በየቤቱ ጠብ የሚነሳው «በቃ፣ ዝጋ!» ሲባል ነው። ልጁ «ቆይ፣ ይህን ብቻ ልጨርሰው!» ይላል። እውነቱን ነው፤ ድሮ መሐል ላይ ከተዘጋ ልፋቱ ሁሉ ይጠፋ ነበር። አባቶቻቸው ከፕሌይስቴሽን ቤት አንወጣም ያሉትም ለዚህ ነበር።

ኢሙሌተሩ ግን «ሴቭ ስቴት» የሚባል ነገር አለው። ማሪዮ አየር ላይ ዘሎ ሳለ ቢቆም እንኳ ነገ ከዚያው አየር ላይ ይነሳል። አብዛኞቹ ጌሞች የሚሠሩበት ሬትሮአርክ የተባለ ፕሮግራም ነው። ሴቲንጉ ውስጥ «ሴቪንግ» የሚለውን ክፈቱ። እዚያ ሲዘጋ በራሱ እንዲያስቀምጥ፣ ሲከፈትም በራሱ ካቆመበት እንዲነሳ የሚያደርጉ ሁለት ምርጫዎች አሉ። ሁለቱንም አብሩ። ከዚያ አንድ ጊዜ ከልጁ ጋር ሞክሩት፦ ጌሙን ጀምሩ፣ መሐል ላይ ከሜኑው ውጡ፣ መልሳችሁ ክፈቱ። ልጁ በዓይኑ አይቶ ካመነ «ቆይ ልጨርሰው» ምክንያት መሆኑ ይቀራል።

ቤት ውስጥ ሁለት ልጆች ካሉ ይህ ብቻ አይበቃም፤ በራሱ የሚቀመጠው አንድ ስለሆነ የአንዱ የሌላውን ይሸፍነዋል፤ ጠብም ይነሳል። ሴቭ የሚደረግባቸው ቁጥር ያላቸው ቦታዎች አሉና ለታላቅ 1፣ ለታናሽ 2 ብላችሁ አከፋፍሉ። ከመዝጋታቸው በፊት በየቁጥራቸው ያስቀምጡ።

እንደ ነርስ የምለው

ከሁለት ዓመት በታች ላለ ሕፃን ስክሪን አይሰጥ። የዓለም ጤና ድርጅት እ.ኤ.አ. በ2019 ባወጣው መመሪያ ከሁለት እስከ አራት ዓመት ላሉት ተቀምጠው ስክሪን የሚያዩበት ጊዜ በቀን ከአንድ ሰዓት አይብለጥ፣ ቢያንስ ደግሞ መልካም ነው ይላል። ከአምስት ዓመት በላይ ያሉት በቀን በአማካይ 60 ደቂቃ ሰውነታቸውን ሊያንቀሳቅሱ ይገባል። በኮንዶሚኒየም ለምንኖር ይህ ቀላል አይደለም፤ ቢሆንም ኳሱና ገመዱ ከጌሙ ይቅደም።

ስክሪኑ ትንሽ ስለሆነ ልጁ ወደ ዓይኑ ያስጠጋዋል። ክንዱን ዘርጋ አድርጎ፣ መብራት ባለበት ይጫወት። በየ20 ደቂቃው ቀና ብሎ በመስኮት ራቅ ያለ ነገር ለ20 ሰከንድ ያህል ይመልከት። ሁልጊዜ አስጠግቶ የሚይዝ ወይም ዓይኑን የሚያጨማድድ ልጅ ካለ ጥፋቱን በጌሙ ላይ ብቻ አታድርጉ፤ ዓይኑን አስመርምሩት። መነጽር የሚያስፈልገው ሊሆን ይችላል።

የሚጥል በሽታ ያለበት ልጅ ካለ ሐኪሙን ሳትጠይቁ አትስጡት። ቶሎ ቶሎ ብልጭ ድርግም የሚል ምስል በአንዳንድ ልጆች ላይ መንቀጥቀጥ ያስነሳል። በጃፓን እ.ኤ.አ. በታኅሣሥ 1997 አንድ የፖኬሞን የካርቱን ፊልም በቴሌቪዥን ሲታይ በብልጭታው ምክንያት በመቶዎች የሚቆጠሩ ልጆች ሆስፒታል ገብተዋል።

ባትሪው እንደ ስልክ ባትሪ ነው። በተራ የ5 ቮልት ቻርጀር ይሞላ፤ ለአዳዲስ ስልኮች የተሠራው ፈጣን ቻርጀር ይቅርበት። ትራስ ወይም ፍራሽ ላይ፣ ሰው ተኝቶ ሳለ ቻርጅ አይደረግም። ጀርባው ካበጠ ወይም ከልክ በላይ ከሞቀ ወዲያው መጠቀም አቁሙ፤ አትጫኑት፣ አትብሱት።

የዓለም ጤና ድርጅት የጌም ሱስን በበሽታ ዝርዝሩ ውስጥ አስገብቶታል። ነገር ግን ጌም የሚወድ ልጅ ሁሉ በሽተኛ አይደለም። ምልክቱ ሦስት ነው፦ መጠኑን መቆጣጠር አለመቻል፣ ከምግብ፣ ከትምህርትና ከጓደኛ ሁሉ ጌምን ማስቀደም፣ ጉዳት እያየም መቀጠል። ይህም ብዙውን ጊዜ ለዓመት ያህል የዘለቀ ሲሆን ነው። እንዲህ ያለ ልጅ ዱላ ሳይሆን ባለሙያ ያስፈልገዋል።

ተራ በተራ

በእኛ ቤት የተስማማንበት ደንብ አጭር ነው። ጌሙ ሳሎን ያድራል እንጂ መኝታ ቤት አይገባም። ከቤት ሥራ በኋላ ግማሽ ሰዓት፣ ቅዳሜና እሑድ አንድ ሰዓት። ኢንተርኔት የሚያስገባ ተጨማሪ ዕቃ አይገዛለትም። ሦስት ነፍስ ካለው ጌም አንዷ ነፍስ ስትሞት ማሽኑ ለሌላ ሰው ይተላለፋል።

ይህ የመጨረሻው ደንብ ለእኛም ለአያቶች ነው። ገበጣና ዳማ የተጫወተ ሰው ቴትሪስ አይከብደውም። እ.ኤ.አ. በ1984 ሞስኮ ውስጥ አሌክሲ ፓጂትኖቭ የሠራው ይህ ጌም ቋንቋ የለውም፤ የሚወርደውን ቅርጽ አዙሮ ክፍተቱን መሙላት ብቻ ነው። በክረምት ከውጭ የሚመጡ የልጅ ልጆች ያሏችሁ ታውቁታላችሁ፤ ልጁ አማርኛ አይሰማ፣ አያቱ እንግሊዝኛ አይችሉ፣ ሁለቱም ፈገግ ብለው ተፋጠው ይውላሉ። አንድ ጎረቤቴ ባለፈው ክረምት በዚህ ጌም ከልጅ ልጃቸው ጋር ተራ በተራ ሲጫወቱ ልጁ በመጀመሪያው ሳምንት «ተራዬ ነው»፣ «አያቴ፣ ወደ ግራ!»፣ «ሞትሽ!» የሚሉትን ለመደ። በሄደ ጊዜ ነጥባቸውን በስልክ ይነጋገሩ ነበር።

እንግዲህ ዕቃው ቁም ሣጥን ውስጥ ካለ አውጡት። ካርዱን ቀይሩ፣ አሥር ጌም ምረጡ፣ ማቆሚያውን አብሩ፣ ከዚያ ከልጁ አጠገብ ተቀመጡ። የመጀመሪያዋን ነፍስ እናንተ ተጫወቱ፤ ቶሎ ትሞታላችሁና ተራው ወዲያው ይደርሰዋል።