የእናቲቱን ልቅሶ ማን ወሰደው?

የውጭ ፊልም በአማርኛ እየተረካችሁ በዩቲዩብና በቴሌግራም ለምትለቁ ወገኖቼ፣

አስቀድሜ ምስጋናዬን ላቅርብ። በእናንተ ድምፅ ፊደል ያልቆጠሩ እናቶች፣ ቤሩትና ሪያድ በሰው ቤት የሚሠሩ እህቶቻችን የሩቅ አገር ታሪክ ይሰማሉ። ይህን ለወጉ ያህል አላልኩም። እኔም በሲኒማ ራስ ጨለማ ውስጥ በህንድ ፊልም ያደግሁ ነኝ፤ ቋንቋው ሳይገባን አብረን ያለቀስን ትውልድ ነን። የምጽፍላችሁም እንደ ደንበኛችሁ ነው።

ሰሞኑን ያየሁት ግን ትዕግሥቴን ጨረሰው። ከመካከላችሁ አንዱ «ልብ የሚሰብር የህንድ ፊልም» ብሎ በ20 ደቂቃ ተርኮ የለቀቀው ሥራ፣ ሳትያጂት ራይ እ.ኤ.አ. በ1955 ለዕይታ ያበቃው «ፓተር ፓንቻሊ» ነው። በቪዲዮው ላይ የፊልሙ ርዕስ የለም። የዳይሬክተሩ ስም የለም። ልብ ወለዱን የደረሰው የቢቡቲቡሻን ባንዶፓድያይ ስም የለም። በቤንጋልኛ የተጻፈው የመግቢያው ስም ዝርዝር ተቆርጦ ወድቋል። ኮፒራይት እንዳይመታው ምስሉ ተገልብጧል፤ ቀኙ ግራ ሆኗል። የራቪ ሻንካር ሙዚቃ ተነቅሎ ከየትም የተለቀመ ፒያኖ ገብቶበታል። የቻናሉ ዓርማ ግን ከመጀመሪያ እስከ መጨረሻ ከስክሪኑ አልወረደም። የሰው ስም ተፍቆ የራስ ስም ሲለጠፍ ምን ይባላል? ይህን ለመመለስ ሕግ መማር ያስፈልጋል እንዴ?

ስለ ሙዚቃው ትንሽ ልበል፤ ምናልባት ሳታውቁ አድርጋችሁት ይሆናል። በፊልሙ ውስጥ አባትየው ሐሪሃር ሥራ ፍለጋ ርቆ ከርሞ፣ ለቤተሰቡ ስጦታ ይዞ ይመለሳል። ልጁ ዱርጋ እሱ በሌለበት መሞቷን አልሰማም። ለእሷ የገዛውን ሳሪ አውጥቶ ለሚስቱ ሲያሳያት ሳርቦጆያ ከዚያ በላይ መቻል ያቅታታል። አፏ ሲከፈት እናያለን፤ ድምፅዋ ግን አይሰማም። ራይ የተዋናይቱን የካሩና ባነርጂን ልቅሶ አውጥቶ በቦታው ታር ሸህናይ የሚባል፣ እንደ ማሲንቆ በደጋን የሚገዘገዝ የክር መሣሪያ አስገባ። የሚያለቅሰው መሣሪያው ነው። እንግዲህ ሙዚቃውን ስትነቅሉት የነቀላችሁት ማጀቢያ አይደለም፤ የእናትን ልቅሶ ነው። በዚያች ደቂቃ ተራኪያችን ምን አለ? «ወደ ታሪኩ ከመመለሳችን በፊት ሰብስክራይብ ማድረግ እንዳትረሱ!» ልጅ የሞተባት እናት ፊት! ልቅሶ ቤት ገብቶ ዕቃ የሚሻሻጥ ሰው በየትኛው ሰፈራችን አይታችኋል?

ይህ ፊልም እንዲሁ ከሰማይ አልወረደም። ራይ በካልካታ የማስታወቂያ ድርጅት ተቀጣሪ ነበር። ቀረጻውን እ.ኤ.አ. በ1952 ጀምሮ ገንዘብ ሲያልቅበት መጻሕፍቱንና ሸክላዎቹን ሸጠ፤ የሚስቱ ጌጣጌጥ ለመያዣ ሄደ። በመጨረሻ የምዕራብ ቤንጋል መንግሥት ባይደርስለት ፊልሙ መንገድ ላይ በቀረ ነበር። ካሜራውን የያዘው ሱብራታ ሚትራ ገና የ21 ዓመት ወጣት፣ ከዚያ በፊት የፊልም ካሜራ አንቀሳቅሶ የማያውቅ። አሮጊቷን አክስት ሆና የተጫወተችው ቹኒባላ ዴቪ ሰማንያ ዓመት የደረሰች፣ ከመድረክ ከራቀች ብዙ ዘመን ያለፋት ሴት። እነዚህን ሰዎች በ20 ደቂቃ ውስጥ ለ5 ሰከንድ መጥቀስ ምን ያህል ይከብዳል?

ራይ እ.ኤ.አ. በ1992 አረፈ። በዓመቱ ለንደን ውስጥ በአንድ የፊልም ላቦራቶሪ እሳት ተነስቶ የዚህ ፊልም ዋና ኔጋቲቭ ተቃጠለ። የተረፈው ግርምድምድ ያለ፣ ሲነኩት የሚሰበር ነበር። የአሜሪካ የፊልም አካዳሚ ሳይጥለው አስቀመጠው፤ በኋላም ቦሎኛ፣ ጣሊያን ያሉ ባለሙያዎች የደረቀውን ፊልም አርጥበው፣ የተቀደደውን ጠርዝ በእጃቸው ጠግነው፣ የጠፋውን ከሌሎች ቅጂዎች አሟልተው እ.ኤ.አ. በ2015 ለዕይታ መለሱት። ያን ሁሉ ሰው የደከመበትን ጥርት ያለ ምስል ወስዳችሁ ነው የገለበጣችሁት። ለዚህም «በጥራት የቀረበ» ብላችሁ ጻፋችሁበት። ጥራቱ የማን ነበር?

ቤንጋል በዚህ በኩል ዕድለ ቢስ ናት። ከህንድ ቀደምት ፊልም ሠሪዎች አንዱ የሆነው የሂራላል ሴን ሥራዎች እ.ኤ.አ. በ1917 ተቃጠሉ። ራቢንድራናት ታጎር ራሱ ያዘጋጀው «ናቲር ፑጃ»ም በስቱዲዮ እሳት ወደመ። እሳት አይወቀስም፤ ጆሮም ልብም የለው። እናንተ ግን አላችሁ። ዛሬ አንድ ልጅ ስልኩ ላይ ቢፈልግ መጀመሪያ የሚመጣለት የእናንተ ቅጂ ነው፤ ለእሱ ፊልሙ ማለት ያ ቅጂ ነው። ነገ ሲያድግ «ያን ፊልም ማን ሠራው?» ቢባል የቻናል ስም ነው የሚጠራው።

ዘፈንም ቢሆን ይኸው ነው። እ.ኤ.አ. በ1902 በካልካታ ድምፅዋ በሸክላ የተቀዳው ጎሃር ጃን ዘፈኑ ሲያበቃ ስሟን በራሷ አፍ ትናገር ነበር። ሸክላው የሚታተመው ጀርመን ነበርና ሠራተኞቹ የማን ድምፅ እንደሆነ እንዲያውቁ ነው። የማታውቃቸው ሰዎች ስሟን እንዳይጥሉባት ተጠነቀቀች። ዛሬ እንዲህ ዓይነት ሸክላ እጃችሁ ቢገባ ያችን የመጨረሻ ቃል «ለቪው አትጠቅምም» ብላችሁ እንደማትቆርጧት እርግጠኛ ነኝ ማለት አልችልም።

«እኛ ደሃ ነን፣ ህንዶቹ ምን ጎደለባቸው?» የሚል መልስ አላችሁ፤ ሰምቼዋለሁ። ስለ ገንዘቡ አልተናገርኩም። የእንጀራ ነገር ይገባኛል፤ ከገቢያችሁ አካፍሉ ያላችሁም የለም። የጠየቅሁት ስም ነው። «ስም ከመቃብር በላይ ነው» እያለ ያሳደገን ሕዝብ ልጆች አይደለንም? የእኛ የድሮ ዘፈኖች የግጥምና የዜማ ደራሲያቸው ስም ሳይጠራ በየቻናሉ ሲዞሩ፣ ደራሲው በሕይወት እያለ «የሕዝብ ዜማ» ሲባልበት እንዴት ነበር የምንንገበገበው? ለራሳችን ሲሆን ግፍ፣ ለቤንጋሎች ሲሆን ብልጠት?

ይህን አስቀድሜ ለብቻችሁ ብነግራችሁ በወደድኩ። ከቪዲዮው ሥር በጨዋ አማርኛ የፊልሙን ርዕስና የሠሪዎቹን ስም ጻፍኩ። ተሰረዘ። ደግሜ ጻፍኩ፤ «አባት፣ ቅናት ነው?» ተባልኩና ታገድኩ። ይሁን። በዚህ ዕድሜዬ በሳትያጂት ራይ ሥራ በእናንተ ላይ መቅናቴ ሳያስቅ አይቀርም። ግን አልዋሽም፣ ከፍቶኛል። ያን ፊልም ወጣት ሳለሁ ያየሁት ዛሬ በሕይወት ከሌሉ ጓደኞቼ ጋር ነው።

ሊቃውንት ተራኪዎቻችን፣ ስሞቹን በየቦታቸው መልሱ። እንዴት እንደሚሆን እናንተ ከእኔ የበለጠ ታውቃላችሁ፤ ምስል መገልበጥ የቻለ እጅ አራት ስም መጻፍ አያቅተውም። ሙዚቃውን ማስቀረት ግዴታ ከሆነባችሁም፣ ቢያንስ ሳርቦጆያ ሳሪውን ስታይ ማስታወቂያ አትንገሩባት።

አክባሪያችሁ፣
ከቻናላችሁ የታገደ ደንበኛችሁ