ዝግባ ላይ ከመፈረማችሁ በፊት

እናንተ የዕድሜ እኩዮቼ፣ የሰበካ ጉባኤ አባላት፣ የዕድር ዳኞች፣ የአባት መሬት ላይ ዛፍ የቀረላችሁ ሰዎች፤ ይህን የምጽፈው ለወጣቶች አይደለም። ወጣቱ ዝግባ አይሸጥም፤ የሚሸጠው ዝግባ የለውም። ዝግባ የሚወድቀው እኛ ሽማግሌዎቹ ተሰብስበን፣ ጉሮሯችንን ጠርገን፣ «እንግዲህ ካረጀ ምን ይደረጋል» ብለን ቃለ ጉባኤ ላይ ስንፈርም ነው። መጋዙ የሚመጣው ከዚያ በኋላ ነው። ስለዚህ ነገሩ ከበድ ቢላችሁም ስሙኝ፤ ሳይቃጠል በቅጠል ነውና።

ከጥድ ወገን የሚቆጠሩ ትልልቅ የአገራችን ዛፎች ሁለት ብቻ ናቸው፤ የሐበሻ ጥድና ዝግባ። የፈረንጅ ጥዱና ፓቱላው ከውጭ የመጡ ናቸው። ኦሮሞ ወንድሞቻችን ቢርቢርሳ የሚሉት ዝግባ ዝናብ በማያጣው ደጋና ወይና ደጋ ይበቅላል፤ በባሌ ሃረና፣ በአርሲ ሙኔሳ፣ በወንዶ ገነት፣ እዚህ እኛ ሰሜን ሸዋ ደግሞ በወፍ ዋሻ። በደቡብ ጎንደር ብዙው ያለው በቤተ ክርስቲያን ግቢ ነው። ሲመቸው እስከ 45 ሜትር ይመዘዛል፤ ግንዱም ብዙ ርቀት ቅርንጫፍ ሳያወጣ ቀጥ ብሎ ይሄዳል። ነጋዴ ዓይኑን የሚጥለው እዚያ ላይ ነው።

እኔ ዕድሜዬን በአናጢነት ስለጨረስሁ ነጋዴው ለምን እንደሚሯሯጥበት ይገባኛል። የዝግባ ጣውላ ከመጋዝ ሲወጣ መልኩ የከረመ ቅቤ ይመስላል። የዓመት ቀለበቱ ለዓይን አይለይም፤ ሙጫ የለውም፤ እንደ ጥድ አይሸትም። ክሩ ቀጥ ያለ ስለሆነ መላጊያ ሲገፋበት ፍቅፋቂው ሳይበጣጠስ ተጠቅልሎ ይወጣል። ኮላ ይይዛል፣ ቫርኒሽ ይቀበላል። አንድ ክፉ ጠባይ ብቻ አለው፤ ጫፉ አካባቢ ምስማር ሲመቱበት ይሰነጠቃል። የድሮ አናጢዎች የምስማሩን ሹል በመዶሻ አደንዝዘው፣ ወይም ቀድመው በመሰርሰሪያ በስተው ነበር የሚመቱት። ያንን የማያውቅ ተለማማጅ ስንት ጣውላ እንዳበላሸ እኔ ነኝ የማውቀው።

የድሮ ቤት ኮርኒስና ወለል፣ የትምህርት ቤት ዴስክ፣ ቁምሳጥን፣ ቡፌ፣ የዕቃ ሳጥን፣ ኋላም ኮምፔንሳቶ ከእርሱ ተሠርቷል። ውጭ ግን አይሆንም። ለአጥር ቋሚ ወይም ለቤት ምሰሶ የሚተከለው ጥድ ነው፤ ዝግባ መድኃኒት ካልተቀባ አፈር በነካ በጥቂት ክረምት ምስጥና ብስባሴ ይረከቡታል። ደርቆ ከጣራ ሥር ከገባ በኋላ ግን የሠራውን ሰው ቀብሮ ይኖራል። አዲስ አበባ ውስጥ የድሮ ቤቶች ሲፈርሱ ያ ሁሉ ንጹሕ ጣውላ ተነቅሎ በማገዶ ዋጋ ሲሄድ አይቻለሁ። አፍራሹ ልጅ ነው፣ አያውቀውም። በየሰፈሩ ያላችሁ የእኔ ቢጤ አናጢዎች ግን ምስማሩን ነቅላችሁ፣ ልጋችሁ፣ መልሳችሁ ሥሩበት፤ ዝግባ የሚያስፈልገው ሰው ከዚያ ያግኝ፤ ቆሞ ከሚገኘው ላይ አይፈልግ።

አሁን ስለ ፊርማው። ስሟን በማልጠራት አንዲት የገጠር ደብር ሽማግሌዎቹ ግቢውን በግንብ ለማሳጠር ገንዘብ አጠራቸው። ነጋዴ መጣ፤ ከቤተልሔሙ ጀርባ ያለውን ዝግባ ዞሮ አየና ዋጋ ጠራ። ተስማሙ። ዛፉ የተጣለው በነሐሴ ነበር። መኪና በዚያ ጭቃ ሊገባ ስላልቻለ ግንዲላው እስከ መስቀል ማግስት እርጥብ መሬት ላይ ተጋድሞ ከረመ። ነጋዴው ሊጭን ሲመጣ ከግንዲላው ጫፍ በፋስ ትንሽ ፈለጥ አድርጎ ሰማያዊውን አሳያቸው። «ይኼ ለቡፌ አይሆንም፤ ቢበዛ ለሳጥን ነው» አላቸውና ከተስማሙበት ግማሹን ከፍሎ ሄደ። በዚህ አልፈርድበትም፤ ዝግባ ተቆርጦ እርጥበት ላይ ከተኛ ሰማያዊው ሻጋታ ቶሎ ይገባበታል፣ የገባው ደግሞ በመላጊያ አይወጣም። ግንቡ እስከ ወገብ ደርሶ ቆመ፤ ጉቶው ላይ አራት ሰው ይቀመጥበታል።

ሕግ አለ ትሉኛላችሁ። አዎን፣ አለ። አዋጅ ቁጥር 94/1986 ኮሶን፣ ዋንዛን፣ ዝግባንና ጥድን በስም ጠርቶ ከመንግሥትና ከክልል ደን እንዳይቆረጡ ከልክሏል። ከዚያ ወዲህ በ542/1999፣ ኋላም በ1065/2010 አዋጁ ተተክቷል። ይሁንና የደን ጠባቂ ያለው ለደን ነው። በአባቶቻችን መቃብር አጠገብ ብቻውን የቆመውን ዝግባ የሚጠብቀው የእኛ እንቢታ ብቻ ነው። ያን እንቢታ ደግሞ በግንብ፣ በቆርቆሮና በድምፅ ማጉያ ስንለውጠው ከረምን።

ከዚህ የከፋውን ገና አልተናገርሁም። «እኛስ አልቆረጥንም፤ የእኛ ዝግባ ይኸው ቆሟል» የምትሉ አላችሁ፤ የእኔ ማስጠንቀቂያ ይልቁንም የሚመለከተው እናንተን ነው። ዝግባ ወንድና ሴት አለው። አንዱ ዛፍ ወንድ፣ ሌላው ሴት ነው፤ የወንዱን ብናኝ ወደ ሴቷ የሚወስደው ነፋስ ነው። ጓደኛው ተቆርጦ አንድ ብቻውን የቀረ ዝግባ ለዓይን ያማረ ጥላ ቢሰጥም ዘር የለውም። እናንተ ደብሩ ዝግባ አለው ትላላችሁ፤ ያለው ግን መካን ሽማግሌ ነው። ሁለቱም ፆታ ባለበት ግቢ እንኳ ከሥሩ ጎንበስ ብላችሁ ፈልጉ። ክብ፣ ጠንካራ ፍሬ ታገኛላችሁ፤ ላዩን ሥጋ ለበስ፣ ውስጡ እንደ ድንጋይ የጠነከረ ቅርፊት አለው። ወፎችና የሌሊት ወፎች ሥጋውን በልተው ፍሬውን ራቅ አድርገው ይጥሉት ነበር። ዛሬ በግቢው ዙሪያ ያለው እርሻ ስለሆነ ቢጥሉትም የሚወድቀው ማረሻ ላይ ነው።

ይህ ዘር አፈር ውስጥ ተቀብሮ ዓመታት የሚጠብቅ ዓይነት አይደለም። ከበቀለ በኋላ ግን ችግኝ ሆኖ በትልቁ ዛፍ ጥላ ሥር ለረጅም ጊዜ ዝግ ብሎ ይቆያል፤ ከላይ ብርሃን ሲከፈትለት ይነሣል። የዝግባ ተተኪ ማለት ያ ከጉልበት በታች ያለ፣ ማንም ልብ የማይለው ችግኝ ነው። እኛ ደግሞ ምን እናደርጋለን? ለንግሥ ግቢው ይጽዳ ብለን ከሥሩ አስጠርገን እናቃጥላለን። የቀረውን ከብት ይጨርሰዋል። በ«እመጓ» መጽሐፉ ብዙዎቻችሁ የምታውቁት ዶክተር ዓለማየሁ ዋሴ በሙያው የደን ተመራማሪ ነው፤ በደቡብ ጎንደር 28 የቤተ ክርስቲያን ደኖችን ዞሮ አጥንቷል። ከብት በሚገባበት ግቢ የአገር ዛፎች ችግኝ መብቀልም ማደግም እንደሚያቅተው በሥራው አሳይቷል። እንግዲህ ትልልቆቹ ዛፎች ቆመው ደኑ ሊሞት ይችላል፤ እኛም ቆመው ስላየናቸው በሰላም እንተኛለን።

በዝግባው ፈንታ ባሕር ዛፍ ተክለናል ብላችሁም አትጽናኑ። በምኒልክ ዘመን የገባው ባሕር ዛፍ ማገዶና አጣና ሆኖ ባይደርስልን ኖሮ የቀረውም የአገር ዛፍ ባልተረፈ፤ ውለታውን አልክድም። ግን አጣና ጣውላ አይሆንም። ይልቅ ከሙኔሳ አንድ ነገር እንማር። እዚያ ከተፈጥሮ ደኑ አጠገብ በተተከለ ባሕር ዛፍና ፓቱላ ሥር፣ ማንም ሳይተክለው የአገር ዛፍ ችግኝ መውጣቱን ተመራማሪዎች መዝግበዋል፤ ዝግባም ከነዚያ አንዱ ነው። ጥላውና ፀጥታው ካለ፣ የእናት ዛፍም ቅርብ ከሆነ፣ ራሱ ይመጣል። ባሕር ዛፋችሁን የምትመነጥሩ ሰዎች ከመቁረጣችሁ በፊት ሥሩን እዩ።

ይህ ዛፍ በደቡብ አፍሪካም ይበቅላል። በክኒስና ደን በ19ኛው ክፍለ ዘመን ለቤት ወለል፣ ለጣራ ተሸካሚና ለባቡር ሐዲድ ማጋደሚያ ያለ ልክ ተጨፈጨፈ፤ በመጨረሻ እ.ኤ.አ. በ1939 መንግሥት ለቀሩት እንጨት ቆራጮች ጡረታ ቆርጦላቸው ከደኑ አስወጣቸው። የቀረ ደን ስለነበራቸው ነው የዘጉት። የእኛ ደብር ግን የሚዘጋው ደን የለውም፤ ያለው በጣት የሚቆጠር ዛፍ ነው።

የምጠይቃችሁ ብዙ አይደለም። ነጋዴ ሲመጣ ዋጋ አትጠይቁት፤ ዋጋ የጠየቀ ሽማግሌ ግማሽ መንገድ ሄዷል። በነፋስ ወይም በመብረቅ የወደቀ ካለ በበጋ አሰንጥቁት፣ ከመሬት ከፍ አድርጋችሁ በጥላ ደርድሩት፤ ለሰንበት ትምህርት ቤቱ ወንበር ይሁን እንጂ ግንዲላውን አትሽጡ። ግቢውን ስታጸዱ ከዝግባው ሥር አትጥረጉ። ዘር ለቅማችሁ ለችግኝ ጣቢያ ስትሰጡ ጠንካራውን ቅርፊት ሰንጠቅ ካላደረጉት ብዙ ወር እንደሚያስጠብቃቸው ንገሯቸው። ስትተክሉ አንድ አትትከሉ፤ ወንድ ይሁን ሴት ፍሬ እስኪያዩበት አይታወቅምና ሰባት ስምንት አድርጋችሁ በጥላ ሥር ትከሉ። ግንዲላ ሲሆን እኛ አናየውም፤ ልጆቻችንም ላያዩት ይችላሉ።

ከሁሉ በፊት ግን አጥር። የድንጋይ ካብ ይበቃል፤ ሲሚንቶ አይፈልግም፤ ድንጋዩም ከእርሻችን ውስጥ ተለቅሞ የሚጣል ነው። ገንዘብ የለንም የምትሉትን አልቀበልም። ካቡን ያዘገየው ገንዘብ አይደለም፤ በግቢው ውስጥ የሚግጡት ከብቶች የማን እንደሆኑ ሁላችንም ስለምናውቅ ነው። የሊቀ መንበሩ በሬዎች አሉበት፤ የገንዘብ ያዡ ፍየሎች አሉበት። ድሀው ካህን ያለችውን አንዲት ላም ከማስወጣቱ በፊት መጀመሪያ የእነርሱ ይውጡ፤ የፊታችን እሑድ ከቅዳሴ በኋላ፣ ሕዝቡ ሳይበተን።