የተረት ኮከብና የልኬት ኮከብ

የሳይንስ መጽሔት ማንም በቴሌስኮፕ አይቶት ስለማያውቅ፣ በአንድ ደራሲ ምናብ ብቻ ስለ ተወለደ ኮከብ ሊጽፍ ይገባዋልን? በሳይንስ ተማሪዎችና መምህራን ዘንድ ብዙ ጊዜ የምንሰማው መልስ «አይገባውም» የሚል ነው። ተረት ለሥነ ጽሑፍ፣ ልኬት ለሳይንስ ተብሎ ድንበር ከተሰመረ ቆይቷል። እኛ ድንበሩን እንቀበላለን፤ በድንበሩ ላይ ግንብ መሠራቱን ግን እንቃወማለን። ለዚህ አቋማችን ምስክር አድርገን የምናቀርበው ኤአረንዲል የተባለውን ኮከብ ነው።

እንግሊዛዊው የቋንቋ ሊቅና ደራሲ ጄ. አር. አር. ቶልኪን ገና በወጣትነቱ በአንድ ጥንታዊ የእንግሊዝኛ መንፈሳዊ ግጥም ውስጥ «ኤረንደል» የሚል ቃል አገኘ። ሊቃውንት ቃሉን ብሩህ ብርሃን ወይም የንጋት ኮከብ ብለው ይተረጉሙታል። በቃሉ ውበት የተማረከው ቶልኪን እ.ኤ.አ. በ1914 ስለ አንድ የሰማይ መርከበኛ ግጥም ጻፈ። ከዚያ የበቀለውን ታሪክ ዕድሜውን ሙሉ ሲያሰፋውና ሲያርመው ኖረ፤ ታሪኩን የያዘው «ዘ ሲልማሪሊዮን» የታተመው ግን ደራሲው ካረፈ ከአራት ዓመት በኋላ፣ በ1977 ነበር።

ታሪኩ ባጭሩ እንዲህ ነው። ፀሐይና ጨረቃ ሳይፈጠሩ ብርሃን የሚሰጡ ሁለት ዛፎች ነበሩ። ፌአኖር የተባለ ጠቢብ ከብርሃናቸው ወስዶ በሦስት ዕንቁዎች ውስጥ አኖረው። በኋላ ዛፎቹ በክፉ ኃይል ተመርዘው ሞቱ፤ ብርሃናቸው በዕንቁዎቹ ብቻ ቀረ። ዕንቁዎቹም በመሰረቃቸው ምድር በጦርነት ታመሰች። ያን ጊዜ ከሰው አባትና ኤልፍ ከተባለው የማይሞት ሕዝብ ከሆነች እናት የተወለደው መርከበኛ ኤአረንዲል፣ ሚስቱ ኤልዊንግ ያመጣችለትን አንዱን ዕንቁ ይዞ፣ ለሁለቱም ሕዝቦች ምሕረትና ርዳታ ሊለምን የምዕራቡን ባሕር ተሻገረ። ልመናው ተሰማለት፤ እርሱ ግን ወደ አገሩ አልተመለሰም። መርከቡ ወደ ሰማይ ወጣች፤ እርሱም ዕንቁውን በግንባሩ አስሮ በንጋትና በምሽት ሰማይ ላይ ይጓዛል። በምድር የቀሩት ሰዎች ባዩት ጊዜ የተስፋ ኮከብ አሉት።

አንባብያን «በንጋትና በምሽት» የሚለውን ልብ እንዲሉልን እንሻለን። ይህ አካሄድ የደራሲው ፈጠራ አይደለም፤ እኛ አጥቢያ ኮከብ የምንላት የቬነስ አካሄድ ነው። ቬነስ ኮከብ ብንላትም ፕላኔት ናት። ከመሬት ይልቅ ለፀሐይ የቀረበች ስለሆነች ከእኛ ስትታይ ከፀሐይ ከ48 ዲግሪ በላይ አትርቅም። ስለዚህም ወይ ፀሐይ ከመውጣቷ በፊት በምሥራቅ፣ ወይ ፀሐይ ከጠለቀች በኋላ በምዕራብ ትታያለች እንጂ እኩለ ሌሊት ላይ ከአናታችን በላይ አትገኝም። እንግዲህ ምናብ የሠራው ኮከብ እንኳ መነሻው ሰማይን አስተውሎ ማየት ነበር ማለት ነው።

ነገሩ በዚህ አላበቃም። እ.ኤ.አ. በ2022 የሥነ ፈለክ ተመራማሪዎች በሐብል የጠፈር ቴሌስኮፕ እስከዚያ ከታዩት ነጠላ ኮከቦች ሁሉ የራቀውን ማግኘታቸውን አስታወቁ። ያን የመሰለ ሩቅ ኮከብ ሊታይ የቻለው በመካከል ያለ ግዙፍ የጋላክሲዎች ክምችት በስበቱ ብርሃኑን አጥፎ፣ እንደ ሌንስ በሺዎች እጥፍ ስላጎላው ነው። ብርሃኑ ወደ እኛ ጉዞ የጀመረው ከ12.9 ቢሊዮን ዓመት በፊት፣ ዩኒቨርስ ገና 900 ሚሊዮን ዓመት ገደማ ሲሆነው ነበር። ተመራማሪዎቹም ቶልኪንን የማረከውን ያንኑ ጥንታዊ ቃል ወስደው «ኤረንደል» አሉት።

እንዲህ ያለ ግዙፍ ኮከብ ነዳጁን በጥቂት ሚሊዮን ዓመታት ጨርሶ ይሞታል። ስለዚህ ዛሬ የምናየው የሞተ ኮከብ ብርሃን ነው፤ በዕንቁ ውስጥ እንደቀረው የሞቱ ዛፎች ብርሃን። ይህ ግን ተመሳሳይነት ነው እንጂ ትንቢት አይደለም። ተረት ሳይንስን ቀድሞ ተናግሮ ነበር የሚሉ ሰዎች ሲሳሳቱ የምናየው እዚህ ላይ ነው።

ልዩነቱም ሊሸፈን አይገባም። የተረቱ ኮከብ አይሳሳትም፤ ደራሲው እንዳለው ሆኖ ይኖራል። የልኬቱ ኮከብ ግን ዘወትር በምርመራ ላይ ነው። በ2022 የኤረንደል ክብደት ቢያንስ የፀሐይን 50 እጥፍ እንደሚሆን ተገምቶ ነበር። በ2025 የወጣ ጥናት ደግሞ ነገሩ አንድ ኮከብ ሳይሆን የብዙ ኮከቦች ስብስብ ሊሆን ይችላል ሲል ተከራክሯል። የስሙ ውበት ይህን ክርክር አይፈታውም፤ የሚፈታው ተጨማሪ ምልከታ ነው። ለእኛ የሳይንስ ክብር ያለው ለመታረም ዝግጁ በመሆኑ ላይ ነው። በተረቱ ተደንቆ «ይህ እንዴት ታወቀ?» ብሎ የማይጠይቅ ተማሪ ግማሽ መንገድ ላይ ቀርቷል፤ ቁጥሩን ሸምድዶ ቀና ብሎ ሰማዩን የማያይም እንዲሁ።

ይህ ጉዳይ አገራችንንም ይመለከታል። እ.ኤ.አ. በ2019 ዓለም አቀፉ የሥነ ፈለክ ኅብረት 100ኛ ዓመቱን ሲያከብር ለየአገሩ አንድ ኮከብና አንድ ፕላኔት የመሰየም ዕድል ሰጥቶ ነበር። ለኢትዮጵያ የደረሰው በአንድሮሜዳ ኅብረ ኮከብ ውስጥ የሚገኘው ኤችዲ 16175 ሲሆን፣ ኮከቡ «ቡና»፣ በዙሪያው የሚዞረው ፕላኔት ደግሞ «አቦል» ተባሉ። ስሞቹ ያማሩ ናቸው። ሆኖም ስም ብቻውን አያስተምርም። የፊዚክስ መምህር ስለ ኮከቦች ሲያስተምር ከ«ቡና» ቢጀምር፣ ተማሪው ኤችዲ የሚለውን ቁጥር ብቻ ከሰማበት ቀን ይልቅ ጆሮውን እንደሚሰጥ አንጠራጠርም።

ስለዚህ አንድ ሐሳብ እናቀርባለን። ተማሪዎቻችን ለዕረፍት ወደየአገራቸው ሲሄዱ አባቶችና እናቶች፣ እረኞችና ገበሬዎች ኮከቦችን በምን ስም እንደሚጠሩ፣ ምን ታሪክ እንደሚነግሩላቸው ጠይቀው ይጻፉ። ከዚያም ያ ኮከብ በየትኛው ወር፣ በስንት ሰዓት፣ በየት በኩል እንደሚታይ ራሳቸው አይተው ይመዝግቡ። ተረቱ በአንድ ዓምድ፣ ልኬቱ በሌላው ዓምድ ይስፈር፤ አንዱ በሌላው ቦታ አይግባ። የዚህ መጽሔት ገጾች እንዲህ ላለው ሥራ ክፍት እንዲሆኑ እንመኛለን።