እንጉዳይ አያልምም

ኪነ ጥበብ ከሠርቶ አደሩ ሕዝብ ኑሮ ሲርቅ አስቀድሞ የሚዘነጋው የዕውቀትን ባለቤት ነው። በዘመናችን የዓለም ልብ ወለድና ፊልም ውስጥ እየተደጋገመ የሚታይ አንድ ምስል አለ፤ ይኸውም ከምድር በታች እንደ ድር ተዘርግቶ የሚያስብ፣ የትውልዶችን ጥበብ በሕልም ዓለም የሚያከማች እንጉዳይ ወይም ሥር ነው። እ.ኤ.አ. በ2009 የወጣው «አቫታር» የተሰኘው ፊልምም የቀደምት ሰዎችን ትዝታ በዛፎች ሥር አኑሮታል። ምስሉ ውብ መሆኑ አይካድም። ነገር ግን ይህንኑ ምስል ወስዶ የወናጎን ምድር ሊሥልበት የሚነሣ ደራሲ ቢኖር፣ ዕውቀትን ከማን ነጥቆ ለማን ሊሰጥ ነው?

ከሳይንሱ እንነሣ። ከተክል ሥር ጋር ተዛምዶ የሚኖር ፈንገስ በእርግጥ አለ። ጀርመናዊው የዕፅዋት ተመራማሪ አልበርት በርንሃርድ ፍራንክ እ.ኤ.አ. በ1885 ይህን ዝምድና «ማይኮራይዛ» ብሎ ሰየመው። ቡናም እንሰትም ይህ ጎረቤት አላቸው፤ ፈንገሱ በቀጫጭን ክሮቹ ከአፈር ፎስፎረስ እየሳበ ያቀብላል፣ ተክሉም በቅጠሉ ያዘጋጀውን ምግብ ያካፍለዋል። ልውውጡ እውነት ነው፤ ሐሳብ ግን አይደለም። ዛፎች በፈንገስ ክር እየተነጋገሩ ይረዳዳሉ የሚለው ዝነኛ ትረካ እንኳ ከማስረጃው በላይ የተለጠጠ መሆኑን ጀስቲን ካርስትና ባልደረቦቿ እ.ኤ.አ. በ2023 ባሳተሙት ግምገማ አሳይተዋል። ደግሞም ፈንገስ ሁሉ ወዳጅ አይደለም። እ.ኤ.አ. በ1971 ለመጀመሪያ ጊዜ በኢትዮጵያ የታየው የቡና ፍሬ በሽታ የፈንገስ ሥራ ነው። አንዱ ያበላል፣ ሌላው ፍሬውን ያጠቁራል። በሽታውን የሚቋቋሙትን የቡና ዓይነቶች መርጦ ያወጣው በጅማ የምርምር ማዕከል የተሰማራው ሰው እንጂ ሌላ ከቶ አይደለም።

በወናጎ ዕውቀት የሚኖረው በንቁ ሰዎች መካከል ነው። በአንድ ማሳ ላይ ከእንሰትና ከቡና በላይ የጥላ ዛፍ የቆመው የሰው እጅ ስላቆመው ነው። እንሰቱን ፍቃ በጉድጓድ የምታብላላው ሴት ቆጮው የሚደርስበትን ጊዜ በጠረኑና በእጇ ዳሰሳ ታውቃለች። ከሚያብላሉት ረቂቃን መካከል እርሾው ራሱ የፈንገስ ወገን ነው፤ ጉድጓዱ መቼ እንደሚከፈት ግን ከእርሷ በቀር የሚያውቅ የለም። ሽማግሌዎች በሶንጎ ተሰብስበው ሲመክሩ የባሌ ሥርዓት ያቆየው ዕውቀት ይመረመራል፣ ይታረማል፣ ለተተኪ ይተላለፋል። ከወናጎ ከተማ ብዙ በማይርቀው በቱቱ ፈላ የሚገኙት ትክል ድንጋዮችም የሰው መልክ የያዙት ሰው ስለጠረባቸው ነው። የዓለም ቅርስ ኮሚቴ በመስከረም 2016 ዓ.ም. ሪያድ ላይ የጌዴኦን መልክዓ ምድር በባህል ቅርስነት መመዝገቡም ይህንኑ ይመሰክራል፤ ያን ጥቅጥቅ ያለ ደን መሳይ ምድር ሠራተኛ እንደሠራው አምኗል።

«ታዲያ ምናብ ይከልከል?» የሚል አይጠፋም። ማንም አልከለከለውም። ተረቶቻችን ጅብና ጦጣን ሲያናግሩ ኖረዋል። ሆኖም በተረቱ የሚናገረው እንስሳ የሰውን ሥራ ይመዝናል፣ ሰውን ወደ ኃላፊነቱ ይመልሳል። ሕልመኛው እንጉዳይ ግን ሰውን ከሥራው ያሰናብታል፤ ገበሬው ባይኖርም ምድሪቱ ታስታውሳለች እያለ ያባብላል። ይህ ማባበያ ምን ያህል ሐሰት እንደሆነ 2010 ዓ.ም. አሳይቷል። በጌዴኦና በምዕራብ ጉጂ በተነሣው ግጭት በመቶ ሺዎች የሚቆጠሩ ሰዎች ሲፈናቀሉ ፈንገሱ ከአፈሩ ጋር ቀረ፤ ዕውቀቱ ግን ከባለቤቶቹ ጋር በየመጠለያው አደረ። ገበሬ የሌለው ማሳ ዳዋ ይለብሳል። ማሳ የሌለው ገበሬም ለልጁ የሚያሳየው ያጣል።

እንግዲህ የባህል ሠራተኛው ተግባር ግልጽ ነው። መምህሩ ተማሪውን ወደ እናቱ ጓሮ ይላከው፤ የእንሰቱን ዓይነቶች በየስማቸው እየጠየቀ ይመዝግብ። ካድሬው ወደ ሶንጎ ሲሄድ ለመናገር ከመቸኮል ይልቅ ለመስማት ይቀመጥ። ገጣሚውና ጸሐፌ ተውኔቱም ምናባቸውን ከዚያው ያስነሡ፤ ለቆጮ ፋቂዋ ጥበብ የሚመጥን ቃልና መድረክ ያዘጋጁላት። በሶንጎ ጥላ ሥር የሚቀመጡት ሽማግሌዎች ዕድሜያቸው የተቆጠረ ነው፤ ሳይጠየቁ ካለፉ ያወቁትን የሚያስታውስ እንጉዳይ አይበቅልም።