ስታዲየሙ ቅርብ፣ ጨዋታው ሩቅ



የዛሬው ጽሑፌ ስለ ቤዝቦል ነው። ቤዝቦል የማትወዱም ቢሆን እስከ መጨረሻው አንብቡት፤ እናቴም አትወድም ነበር።

እ.ኤ.አ. በ2025 እናቴ ከአዲስ አበባ መጥታ፣ ሲልቨር ስፕሪንግ ባለው የእህቴ ቤት እስከ መስከረም ድረስ ተቀመጠች። የእህቴ ልጅ ያኔ አስራ አንድ ዓመቱ ነበር። የዋሽንግተን ናሽናልስ ደጋፊ ነው፤ ቀዩን ኮፍያውን የሚያወልቀው ለመተኛት ብቻ ነው። አማርኛ በደንብ ይሰማል፤ መናገር ላይ ግን ይፈራል። አንድ ጊዜ ሰርግ ቤት አንድ ቃል ተሳስቶ ትልልቆቹ ሳቁበት። ክፋት አልነበራቸውም፤ እሱ ግን ከዚያ ቀን ጀምሮ በእንግሊዝኛ መመለስ ጀመረ። ከአያቱ ጋር የነበረው ወሬ ሁሉ “በላህ?” “አዎ” “ጠገብክ?” “አዎ” ነበር። ይዋደዳሉ፤ ግን የሚያወሩት ነገር የላቸውም።

አንድ ቀን ማታ ራሱ ወደ እሷ ሄደና በአማርኛ፣ “እማማ፣ ነገ ጨዋታ አለ። አብረን እንይ። በሰባት ሰዓት ነው” አላት። እናቴ ደስታዋን የምታደርግበት አጣች።

በማግስቱ ቡና ቆላች፣ ፈንዲሻ አፈነዳች፣ ነጠላዋን ለብሳ ቴሌቪዥኑ ፊት ተቀመጠች፤ በሰባት ሰዓት። በእሷ ሰባት ሰዓት። እናንተ ታውቁታላችሁ፤ በኢትዮጵያ አቆጣጠር ቀን ሰባት ሰዓት ማለት እዚህ “አንድ ሰዓት” የምንለው ነው። ጨዋታው የሚጀምረው ደግሞ በአሜሪካ አቆጣጠር 6፡45፣ በእሷ ቆጠራ ከምሽቱ 12፡45 ነበር። ልጁ ከትምህርት ቤት ሲመለስ አቦሉም ቶናውም በረካውም አልቆ፣ ፈንዲሻው ቀዝቅዞ፣ አያቱ ጥቁር ቴሌቪዥን ፊት ተቀምጣ አገኛት። “ተጫዋቾቹ ቀሩ እንዴ?” አለችው።

ማታ እኔ ደረስኩ። ችግር የለም ብዬ አንድ የቤዝቦል ጨዋታዎችን በኢንተርኔት የሚያሳይ አገልግሎት ከፈትኩ። ለወቅቱ በሙሉ የከፈልኩበት ነው። የናሽናልስን ጨዋታ ስጫን አንድ መልእክት ወጣ፤ ጨዋታው ባላችሁበት አካባቢ አይታይም ይላል። ስታዲየሙ ከእህቴ ቤት፣ መንገድ ካልተጨናነቀ፣ በመኪና ግማሽ ሰዓት ገደማ ነው። ሌላ ከተማ የሚደረገው ጨዋታ ሁሉ ይታያል፤ የእኛው ብቻ ተዘግቷል። የእህቴ ልጅ አየኝና፣ “አጎቴ፣ ሥራህ ኮምፒውተር አይደል?” አለኝ። መልስ አልነበረኝም። ጥፋቱም የእኔ ነው፤ ስከፍል የውሉን ጽሑፍ አላነበብኩም።

ለምን ተዘጋብን? ነገሩ እንዲህ ነው።

በትልቁ የአሜሪካ ሊግ 30 ቡድኖች አሉ። እያንዳንዱ ቡድን በመደበኛው ወቅት 162 ጨዋታ ይጫወታል። ይህን ያህል ጨዋታ አንድ አገር አቀፍ ጣቢያ ሊያሳየው ስለማይችል፣ እያንዳንዱ ቡድን የራሱ የቴሌቪዥን ክልል አለው። በክልሉ ያለ የስፖርት ጣቢያ ለቡድኑ ብዙ ገንዘብ ይከፍላል፤ በምላሹ “በዚህ ክልል የማሳየው እኔ ብቻ ነኝ” የሚል መብት ያገኛል። ስለዚህ የሁሉንም ቡድኖች ጨዋታ በኢንተርኔት የሚሸጠው አገልግሎት፣ በዚያ ክልል ለሚኖር ሰው የዚያን ቡድን የቀጥታ ጨዋታ መዝጋት አለበት። ይህን ብላክአውት ይሉታል። ውጤቱ የሚያስቅ ነው፤ ሎስ አንጀለስ ያለ ሰው ናሽናልስን ያያል፣ ስታዲየሙ አጠገብ ያለ ሰው አያይም። አዮዋን ተመልከቱ። የራሷ የትልቁ ሊግ ቡድን የላትም፤ ነገር ግን ስድስት የጎረቤት ቡድኖች ክልላችን ናት ስለሚሉ ነዋሪዎቿ ከሁሉም በላይ ሲቸገሩ ኖረዋል።

የዋሽንግተን ታሪክ ደግሞ ትንሽ ረዘም ይላል። ናሽናልስ እ.ኤ.አ. በ2005 ከሞንትሪያል የመጣ ቡድን ነው። የባልቲሞሩ ኦሪዮልስ “ዋሽንግተን እኮ የእኔ ክልል ነበር” ብሎ ቅር አለው። እንዲስማማ ሲባል የሁለቱንም ጨዋታ የሚያሳይ ማስን የሚባል ጣቢያ ተቋቋመ፤ ትልቁ ድርሻም ለኦሪዮልስ ሆነ። ከ2012 ጀምሮ ላሉት ዓመታት ለናሽናልስ ስንት ይከፈለው የሚለው ጉዳይ ሁለቱን ቡድኖች ፍርድ ቤት አቁሞ ዓመታት ቆየ። በመጋቢት 2025 ተስማሙ። ከስምምነቱ አንዱ ክፍል፣ ናሽናልስ ከ2025 ወቅት በኋላ ጨዋታውን የት እንደሚያሳይ ራሱ እንዲመርጥ ነፃ የሚያደርገው ነው። ለዚህ ነው የአምናን መልስ ይዛችሁ ዘንድሮ አትክፈሉ የምላችሁ። በሌሎች ከተሞችም ጣቢያዎች ተዘግተዋል፣ ተቀይረዋል። የጣቢያ ስም ከመሸምደድ መንገዱን ማወቅ ይሻላል።

መንገዱ ይኸውላችሁ።

መጀመሪያ ክልላችሁን እወቁ። ሊጉ በድረ ገጹ ላይ ዚፕ ኮዳችሁን አስገብታችሁ የትኞቹ ቡድኖች እንደሚዘጉባችሁ የምታዩበት ቦታ አለው። ለሲልቨር ስፕሪንግ ሁለት ቡድን ነው፤ ናሽናልስና ኦሪዮልስ።

ሁለተኛ፣ የቡድኑን የጨዋታ ፕሮግራም ክፈቱ። ከእያንዳንዱ ጨዋታ አጠገብ የሚያሳየው ጣቢያ ተጽፏል። አብዛኛው በክልሉ ጣቢያ ነው፤ አንዳንዱ ግን በአገር አቀፍ ጣቢያ ይተላለፋል። ፎክስ ላይ ከሆነ ገንዘባችሁን ያዙ፤ ተራ አንቴና መስኮት አጠገብ ብትሰቅሉ በነፃ ታያላችሁ። ዋሽንግተን አካባቢ ፎክስ ቻናል 5 ነው። የዓለም ዋንጫ ብለው የሚጠሩት የመጨረሻው ፍልሚያ፣ ወርልድ ሲሪስ፣ ከ2000 ጀምሮ በየዓመቱ የተላለፈው በፎክስ ነው።

ሦስተኛ፣ ለክልሉ ጣቢያ ከመክፈላችሁ በፊት አንድ ጥያቄ ብቻ ጠይቁ፦ “በእኔ ዚፕ ኮድ የዚህን ቡድን ጨዋታ በቀጥታ ያሳያል?” “ቤዝቦል አላችሁ ወይ?” ብላችሁ አትጠይቁ፤ ሁሉም አዎ ይላችኋል። ኬብልም ሆነ የኢንተርኔት ቴሌቪዥን ጥቅል አንዱ የክልሉን ጣቢያ ይይዛል፣ ሌላው አይይዝም። ብዙ ቡድኖች አሁን ያለ ኬብል በቀጥታ የሚከፈልበት አገልግሎት አላቸው። መደበኛው ወቅት ከመጋቢት መጨረሻ እስከ መስከረም መጨረሻ ስለሆነ፣ የምትሰርዙበትን ቀን ገና ስትመዘገቡ ስልካችሁ ላይ ጻፉ። አለበለዚያ በረዶ ሲጥልም ትከፍላላችሁ።

አራተኛ፣ ከቸኮላችሁ በቀር የተዘጋ ጨዋታ ለዘላለም አይዘጋም። በሊጉ አገልግሎት ላይ ጨዋታው ካለቀ አንድ ሰዓት ተኩል ገደማ ቆይቶ ሙሉ ቅጂው ይከፈታል። ውጤቱን የሚነግራችሁ ጓደኛ እንዳይኖር ስልካችሁን አርቁ።

“ቪፒኤንስ?” የሚል አንባቢ እንዳለ አውቃለሁ። አገልግሎቱ የት እንዳላችሁ የሚያውቀው በኢንተርኔት አድራሻችሁና በስልካችሁ የቦታ መረጃ ነው፤ አድራሻን መሸፈን ይቻላል። ያን ዕለት ማታ እኔንም እጄን በልቶኝ ነበር። ነገር ግን ከአገልግሎቱ ጋር የገባነውን ውል ማፍረስ ነው፤ የአስራ አንድ ዓመት ልጅ ደግሞ ትከሻዬ ላይ ሆኖ ያየኛል። ተውኩት።

አምስተኛው መንገድ ሬዲዮ ነው፤ ያን ዕለት ማታ ያዳነንም እሱ ነው። የናሽናልስ ጨዋታ በ106.7 ኤፍ ኤም ይተላለፋል። ሬዲዮ ዚፕ ኮድ አይጠይቅም። እህቴ ወጥ ቤት ውስጥ ያላትን ትንሽ ሬዲዮ አምጥተን ቡናው ረከቦት አጠገብ አስቀመጥነው።

ሬዲዮው ግን የሚያወራው በእንግሊዝኛ ነው። እናቴ ወደ ልጁ ዞረችና፣ “ምን አለ?” አለችው። ልጁ እኔን አየኝ። ሰሃን ላነሳ እንደሄድኩ ሆኜ ተነሳሁ።

“ሰውዬው… ወረወረ” አላት።

“እሺ። ከዚያስ?”

“ሌላው ሰውዬ… መታ… አይ፣ አልመታም። ሳተ።”

“ምን ሆኖ ሳተ? ተርቦ ነው?”

ልጁ ሳቀ። ከ2023 ጀምሮ በሥራ ላይ ባለው ደንብ፣ ቤዝ ላይ ሰው ከሌለ ወርዋሪው በ15 ሰከንድ ውስጥ መወርወር መጀመር አለበት። ደንቡ ጨዋታውን ለማፋጠን የመጣ ነው፤ በእርግጥም ከሦስት ሰዓት በላይ ይፈጅ የነበረውን ጨዋታ ወደ ሁለት ሰዓት ከአርባ ገደማ አውርዶታል። ለእኛ ልጅ ግን 15 ሰከንድ አንድ የአማርኛ ቃል ለመፈለግ በቂ ጊዜ ነበር። እግር ኳስ ቢሆን ኖሮ አይደርስም ነበር። ቃሉ ሲጠፋው በእጁ ያሳያታል፤ እሷ ቃሉን ታቀብለዋለች፤ ሌላ ይወረወራል። “ተያዘ”፣ “አመለጠ”፣ “ዳኛው ወጣ አለው”። አንዳንዱን ተሳሳተ። እናቴ አልሳቀችም፣ አላረመችውም፤ ትክክለኛውን ቃል በጥያቄዋ ውስጥ አስገብታ መለሰችለት እንጂ።

በመሃል በልጅነቷ የገና ጨዋታ ሲጫወቱ ያየችውን አነሳች፤ ያም በዱላ ኳስ መምታት ነው፣ ያም ያስሮጣል። ከዚያ የማይገባትን ጠየቀች። “ይሄ መትቶ የሚሮጠው ልጅ፣ ማን አባረረው?”

“ማንም እማማ። ዞሮ ሆም መድረስ አለበት።”

“ሆም ምንድን ነው?”

“ቤት። ከቤት ይነሳል፣ ይዞራል፣ ቤት ሲደርስ ነጥብ ነው።”

“ታዲያ እንዲህ አትለኝም!” አለች። “ዞሮ ዞሮ ከቤት ነው።”

የዚያን ዕለት ማን እንዳሸነፈ አላስታውስም። በሳምንቱ የክልሉን ጣቢያ በትክክል ከፍዬ አስገባሁ፤ ቴሌቪዥኑ ሠራ። ልጁ ግን ድምፁን እየቀነሰ ራሱ ማውራቱን አልተወም። እናቴም ብታየውም “ምን ሆነ?” ማለቷን አልተወችም።

በመስከረም እናቴ ወደ አገሯ ተመለሰች። ልጁ አውሮፕላን ማረፊያ ላይ ያሳሰበው አንድ ነገር ነበር፤ የማታ ጨዋታ አዲስ አበባ ላይ ስንት ሰዓት እንደሚሆን። አብረን አሰላነው፤ ለእናንተም ይጠቅማል። በቤዝቦል ወቅት ዋሽንግተን ከአዲስ አበባ ሰባት ሰዓት ወደ ኋላ ናት። ስለዚህ በዋሽንግተን ሰዓት ላይ አንድ ጨምሩ፤ አዲስ አበባ ያለችው አያታችሁ የምትጠራው ሰዓት ይሆናል። 6፡45 የሚጀምር የማታ ጨዋታ ለእሷ ከሌሊቱ 7፡45 ነው፤ በዚህ ሰዓት አያት አይቀሰቀስም። እሁድ ከሰዓት 1፡35 የሚጀምረው ግን ለእሷ ከምሽቱ 2፡35 ነው፤ እራት ተበልቶ ቡና የሚጠጣበት ሰዓት። ሎንዶን ወይም ዱባይ ላላችሁም የእሁዱ ይሻላችኋል፤ የማታው እኩለ ሌሊት ላይና ከዚያም በኋላ ይገባል። ከአሜሪካና ከካናዳ ውጭ ደግሞ የክልል ብላክአውት በአብዛኛው የለም።

አሁን እሁድ እሁድ ስልኩን ቴሌቪዥኑ አጠገብ ያቆመዋል። ምስሉን ለእሷ አያዞረውም። ለምን ስለው፣ “ካየችማ እኔን አትጠይቀኝም” አለኝ።

የሳምንቱ ቃላት

ወርዋሪ፦ ኳሱን ወደ መቺው የሚወረውር ተጫዋች።
ሳተ፦ ሊመታ ፈልጎ ሳያገኘው ቀረ።
በረካ፦ ሦስተኛው የቡና ዙር። የመጀመሪያው አቦል፣ ሁለተኛው ቶና ነው።
እጄን በላኝ፦ ማድረግ የሌለብኝን ነገር ለማድረግ በጣም አማረኝ።
ዞሮ ዞሮ ከቤት፦ ሰው የትም ቢሄድ መጨረሻው ቤቱ ነው።