ደራሲው አልሞተም፤ ተደብቋል

ፈረንሳዊው ሀያሲ ሮላን ባርት እ.ኤ.አ. በ1967 የደራሲውን ሞት አወጀ። አሜሪካዊው ጆርጅ ላንዶው ደግሞ በ1992 «ሃይፐርቴክስት» በተሰኘው መጽሐፉ ኮምፒዩተር ይህን ንድፈ ሐሳብ በተግባር እንዳዋለው ጻፈ። አንባቢው መንገዱን ራሱ ስለሚመርጥ የደራሲውን ሥልጣን ተካፈለ ተባለ። እኔ ግን ለቅሶ ከመድረሴ በፊት አስከሬኑን ማየት እፈልጋለሁ።

እስቲ የዚህ ዘርፍ ፈር ቀዳጅ የሚባለውን የማይክል ጆይስን «አፍተርኑን» እንመልከት። በ1990 በዲስኬት ለገበያ የወጣው ይህ ልብ ወለድ 539 አጫጭር ገጾች አሉት። ጠዋት ያየው የመኪና አደጋ ልጁን ነጥቆት እንደሆነ የሚጠረጥር አባት ታሪክ ነው። አንባቢው አንድ ቃል በማውስ ሲጫን ወደ ሌላ ገጽ ይሻገራል። ነጻነት ይመስላል። ሆኖም አንዳንዱ መሻገሪያ አንባቢው አስቀድሞ የተወሰነ ሌላ ገጽ ካልጎበኘ በቀር አይከፈትም። ለመሆኑ በሩን የቆለፈው ማን ነው? ሞተ የተባለው ደራሲ! የወረቀት መጽሐፍ ቢሆን ኖሮ የመጨረሻውን ገጽ ገልጬ ከማንበብ የሚያግደኝ አልነበረም።

ኔትፍሊክስ በ2018 ያቀረበው «ባንደርስናች» ፊልምም ከዚህ አያልፍም። ተመልካቹ ለዋናው ገጸ ባሕርይ ቁርሱን ሳይቀር ይመርጥለታል። ዳሩ ግን ሁሉም አማራጮች አስቀድመው የተቀረጹ ናቸው። የቀረበለትን ሥራ እንዲቀበል ካደረገው ታሪኩ ይከሽፍና ወደ ኋላ ይመለሳል። የሚገርመው የፊልሙ ጭብጥም ይኸው የምርጫ ቅዠት መሆኑ ነው። ፊልም ሠሪዎቹ የገባቸው ነገር ለአድናቂዎቻቸው አልገባም።

አያቴ «ተረት ተረት» ስትል «የላም በረት» ካላልን አትቀጥልም ነበር። ጅቡ ፍየሏን ሊበላ ሲል ታናሽ እህቴ ካለቀሰች፣ ፍየሏ ትናንት ያልነበረ ጉድጓድ አግኝታ ትሸሸጋለች። ያን ጉድጓድ ከአፍታ በፊት አያቴ ራሷ አታውቀውም። አድማጭ ታሪክ ለወጠ የሚባለው እንዲህ ሲሆን ነው።

ይህን የምለው ኮምፒዩተር ጠልቼ አይደለም። የምጠላው ሽሽቱን ነው። ታሪኩ ማንን ለምን እንደገደለ ሲጠየቅ «የመረጥከው አንተ ነህ» የሚል ደራሲ እየበዛ ነው። በሮቹን የሠራ ሰው ለበሮቹ ተጠያቂ ነው። ንድፈ ሐሳቡም «አንባቢው ምን መረጠ?» ከማለቱ በፊት «ምርጫውን ማን አሰናዳው?» ብሎ ይጠይቅ። አያቴ ፍየሏን ባስበላች ማታ ሁላችንም ዓይን ዓይኗን እያየን «ለምን?» እንላት ነበር፤ መልስ ሳትሰጠን አንተኛም።