ስደተኛም ስም አለው

ቴሌቪዥን ስደተኛችንን ሲያሳይ እንባውን እንጂ ስሙን አይነግርዎትም።

ጥቅምት 13 ቀን 1977 ዓ.ም. ቢ.ቢ.ሲ. የማይክል በርክንና የመሐመድ አሚንን የኮረም ዘገባ አሰራጨ። ዓለም አለቀሰ፤ እህል ተላከ። ይህ ውለታ አይካድም። ይሁንና ሕዝቡን ድርቁ ብቻ ሳይሆን ጦርነቱም እንዳስራበው ብዙው ተመልካች ሳይረዳ ቀረ።

በ2013 ዓ.ም. በትግራዩ ጦርነት ከ60 ሺህ የሚበልጡ ወገኖች ወደ ሱዳን ሲሻገሩ፣ በዚያ በረሀቡ ዘመን ስደተኞቻችንን ያስጠጋው የኡም ራኩባ መጠለያ ዳግመኛ ተከፈተ። እኔ ካየኋቸው ዜናዎች አብዛኞቹ ግን ድንኳንና ሰልፍ አሳይተው አለፉ። ከተሰለፉት ውስጥ መምህሩ የቱ ነው? ነጋዴዋስ?

ነገሩ እዚህ ሲያትልም ይደርሳል። ታክሲዬ ውስጥ የተሳፈረ ሰው አገሬን ጠይቆኝ ስነግረው፣ ቀድሞ የሚያነሳብኝ ረሀብን ነው። አስተማሪ እንደነበርኩ አይገምትም።

እንግዲህ ጥፋቱ የጣቢያዎቹ ብቻ አይደለም፤ እኛስ ሳሎናችን ተቀምጠን ከመብከንከን በቀር ምን አደረግን? ለዜና ክፍሎቻቸው እንጻፍ፣ እንደውል፤ «ስሙን ጠይቁት፤ ከምን እንደሸሸም ራሱ ይናገር» እንበል። ባለቤቱ ካልጮኸ ጎረቤት አይረዳም።